ሳይቸግር ግሪስ

ክሩ ተወጠረ። ዘንጉን ነጠቅ አድርጌ ወደ ላይ ሳብኩት፤ መንጠቆው በደንብ እንዲይዝ ነው። ዘንጉ ጎበጠ። ልቤም አብሮ ዘለለ። ከዚያ የሪሉ እጀታ ወደ ኋላ መሽከርከር ጀመረ።

የዓሣ ማጥመጃ ሪል የማያውቅ ካለ ባጭሩ ልንገረው። ሪል ማለት ዘንጉ ላይ ታስሮ ክሩን የሚጠቀልለው መሣሪያ ነው። እጀታው የሚዞረው ወደ ፊት ብቻ ነው። ወደ ኋላ ከዞረ ዓሣው ክሩን እንዳሻው ይጎትታል፣ እጀታውም እንደ ቬንትሌተር ይሽከረከራል። እኔን የገጠመኝ ይኸው ነው። የእጀታው ጉልላት የጣቴን አንጓ ሁለቴ መታኝ። ሦስተኛውን አልጠበቅኩም፤ እጄን ሰበሰብኩ። ክሩ ላላ። ዓሣው ሄደ።

ያናደደኝ የዓሣው መሄድ አይደለም። (እሺ፣ እሱም ትንሽ አናዶኛል።) ያቃጠለኝ ሪሉን ገና በዋዜማው ማታ ማጽዳቴ ነው። ሦስት ሰዓት ሙሉ ተቀምጬ ፈታትቼው ነበር። አጥቤ፣ ግሪስ ቀብቼ መልሼ ገጥሜዋለሁ። ከመፍታቴ በፊት ይንጫጫ ነበር እንጂ ይሠራ ነበር። ካጸዳሁት በኋላ ጫጫታው ጠፋ፤ ሥራውም አብሮ ጠፋ። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ይሏል ይሄ ነው።

ከዚያ ወዲህ ብዙ ጊዜ ፈትቼ ገጥሜያለሁ። ይህንንም የምጽፈው ያው ሪል ጠረጴዛዬ ላይ ነጭ ጨርቅ ተነጥፎለት፣ ሆድ ዕቃው ተዘርግፎ ነው። ሪሎቼ ላይ ያደረስኩትን ጉዳት መለስ ብዬ ስቆጥረው በቸልታ ያበላሸሁት ጥቂት ነው። አብዛኛውን ያበላሸሁት ልንከባከበው ስል ነው። ግሪስ አበዛለሁ፣ ውኃ አበዛለሁ፣ ብሎን አጠብቃለሁ። ኩል እኩላለሁ ብሎ ዓይን ማጥፋት።

ያችን የግሪስ ጥፋቴን ላስረዳ። ከሚሽከረከረው የሪሉ ራስ ሥር ወደ ኋላ መዞርን የምትከለክል አንዲት ፍሪሲዮን አለች። ቀለበት ናት። ውስጧ ከክብሪት እንጨት የቀጠኑ አጫጭር የብረት ዘንጎች ዙሪያውን ተደርድረዋል። እያንዳንዱን ዘንግ አንዲት ሞላ ከኋላው ትገፋዋለች። ዘንጎቹ የተቀመጡበት ጎድጓዳ ባንድ ወገን ሰፋ፣ በሌላው ወገን ጠበብ ያለ ነው። ሪሉ ወደ ፊት ሲዞር ዘንጎቹ ወደ ሰፊው ወገን ይሸሹና እንደልባቸው ይንከባለላሉ። ወደ ኋላ ልዙር ሲል ደግሞ ወደ ጠባቡ ይገቡና እንደ ሽብልቅ ይቀረቀራሉ። በቃ፣ ንቅንቅ የለም።

ይህ ሁሉ የሚሆነው ዓይን ሳይርገበገብ ነው። ሞላዎቹ ግን አቅመ ቢስ ናቸው፤ ውፍረታቸው ከፀጉር ብዙም አይበልጥም። እዚያ ውስጥ ወፍራም ግሪስ ከገባ ሞላዋ ዘንጉን ገፍታ ማድረስ ያቅታታል። ዘንጉ ግሪሱ ላይ እንደ ተኛ ይቀራል። እኔ ደግሞ በጣቴ እየጠቀጠቅኩ ነበር የሞላሁት። «ይጥገብ» ብዬ።

መድኃኒቱ ቀላል ሆኖ ተገኘ። ቀለበቷን አውጥቼ አልኮል ውስጥ ነከርኳት። አደረቅኳት። ከዚያ በጣም ቀጭን ዘይት በጨርቅ ጫፍ አስነካኋት። አንድ ጠብታ እንኳ አይሞላም። መልሼ ስገጥማት እጀታው ወደ ኋላ ፍንክች አልል አለ። ሦስት ሰዓት ለፍቼ ያበላሸሁትን በሃያ ደቂቃ አስተካከልኩት።

ግን መጀመሪያ ለምን ፈታሁት? ድምፅ ስላወጣ ነው። እህል ውስጥ አሸዋ ሲያጋጥም ጥርስ ላይ የሚሰማው ዓይነት ድምፅ። እሱም ቢሆን የራሴ ሥራ ነበር።

ባሕር ላይ የዋለ ሪል ጨው ይዞ ይመለሳል። አንድ ሊትር የባሕር ውኃ ውስጥ 35 ግራም ያህል ጨው አለ። ውኃው ይተናል፤ ጨው ይቀራል። የቀረው ጨውም ዝም ብሎ አይቀመጥም፤ ካየሩ እርጥበት ይስባል። ደርቋል ብለን መደርደሪያ ላይ ያስቀመጥነው ሪል ውስጥ ዝገቱ ሌሊቱንም ሥራ ላይ ነው። አሉሚኒየም ሲበላ ደግሞ ቀይ ዝገት አያሳይም። ነጭ ዱቄት ነው የሚያወጣው፤ ለረጅም ጊዜ አቧራ ይመስለኝ ነበር። የአረብ ብረት ብሎን አሉሚኒየም ውስጥ ገብቶ ጨው ሲደርሳቸውማ በሁለቱ መካከል እንደ ባትሪ ያለ ነገር ይፈጠራል። ተበዪው አሉሚኒየሙ ነው። ብሎኑ እዚያው ተነክሶ ይቀራል። ለዚህ የሚበጀው ብሎኑን ሲመልሱ ጥርሱን እጅግ በጥቂቱ ግሪስ ማስነካት ነው። ግሪስ የሚጠቅምበት ቦታም አለ ማለት ነው፤ እንዳትሸሹት።

እኔ ይህን ጨው የማወጣ መስሎኝ ሪሉን በውኃ ጎማ እየገረፍኩ አጥበው ነበር። የጎማውን አፍ በአውራ ጣቴ አጥብቤ፣ ውኃው እንደ ጥይት እየወጣ። ጎኔ የነበሩ በዕድሜ የገፉ ዓሣ አጥማጅ ትንሽ ካዩኝ በኋላ አላስቻላቸውም።

«ልጄ፣ ጨውን እያወጣኸው ነው ወይስ እያስገባኸው?»

«መታጠብ የለበትም እንዴ ጋሼ?»

«ይታጠብ እንጂ። ግን ካፊያ ይበቃዋል፤ አንተ ጎርፍ ለቀቅህበት።»

ልክ ነበሩ። የሪል ጓርኒሲዮን የተሠራው ፍንጣሪ እንዲከላከል እንጂ በኃይል የተገፋ ውኃ እንዲያቆም አይደለም። ውጭ የነበረው ጨውና አሸዋ በውኃው ተገፍቶ ኩሽኔታው ድረስ ይገባል። ባልዲ ውስጥ መዘፍዘፍም ያው ነው። አሁን የማደርገው ይህ ነው፦ ከማጠቤ በፊት የፍሬኑን መዘውር አጠብቃለሁ፤ ውኃ በሥሩ እንዳይሾልክ። ከዚያ በንጹሕ ውኃ ረጨት ረጨት አድርጌ፣ በጨርቅ ጠርጌ፣ ጥላ ውስጥ አደርቀዋለሁ። ሲደርቅ ፍሬኑን አላላለሁ። ስለ ፍሬኑ እመለስበታለሁ።

እዚህ ላይ ትንሽ ከመንገድ ልውጣ። ይህን መሣሪያ ፈትቼ ባየሁት ቁጥር አንድ ነገር ይገርመኛል፤ የተሠራው ክር በሚፈትሉ ሰዎች ሐሳብ ነው። ሪል ራሱ ጥንታዊ ነው። ማ ዩዋን የተባለ ቻይናዊ ሠዓሊ በ1195 ዓ.ም. እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር አካባቢ በሣለው ሥዕል ላይ፣ ታንኳ ላይ ብቻውን የተቀመጠ ሰው ሪል የታሰረበት ዘንግ ይዞ ይታያል። በዚያ ዓይነቱ ሪል ክሩ ሲወጣ ማጠንጠኛው ራሱ አብሮ መዞር ነበረበት። በ1905 ግን አልፍሬድ ኢሊንግዎርዝ የተባለ እንግሊዛዊ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ባለቤት ማጠንጠኛው የማይዞርበትን ሪል አስመዘገበ። ክሩ ከማጠንጠኛው ጫፍ ላይ እየተፈተለከ ይወጣል። ሐሳቡን ያገኘው ከፋብሪካ የክር ማጠንጠኛ ነው ይባላል። ስለዚህ ጠረጴዛዬ ላይ ያለው ነገር የእንዝርት የሩቅ ዘመድ ነው። ለነገሩ ሴት አያቶች ቢያዩት ከኔ ቶሎ ይገባቸው ነበር።

ወደ መፍታቱ እንመለስ። ካቻቢቴ ላይ አትቆጥቡ። ብዙዎቹ ሪሎች ላይ ያሉት ባለመስቀል ብሎኖች የሚሠሩት ጄአይኤስ በሚባለው የጃፓን ደረጃ ነው። ቤት ያለው ተራ ባለመስቀል ካቻቢቴ የሚገጥም ይመስላል። ግን ሥሩ ድረስ አይገባም። ሲጨክኑበት ይንሸራተትና የብሎኑን ራስ ይልጠዋል። ከዚያ ወዲያ ለቅሶ ነው። አንድ ልኩ የሆነ ካቻቢቴ ከአምስት ዓይነት ቅባት ይሻላል።

ሌላው የመዞሪያ አቅጣጫ ነው። ተጠምዞ በሚገባ እጀታ ላይ ባንድ ወገን በተለመደው፣ በሌላው ወገን በተቃራኒው የሚጠብቅ ጥርስ አለ፤ ሪሉ ለግራኝም ለቀኝም እንዲሆን ነው። አንዳንድ ዳዶም እንዲሁ በግልባጭ ይፈታል። እንቢ ያለን ነገር በፒንሳ ከመጨበጥ በፊት ወደ ሌላው ወገን መሞከር ነው። ይህን ያወቅሁት ከፒንሳው በኋላ ነው።

ሞላን የሚመለከት ደግሞ አንድ ሕግ አለኝ። ሞላ ያለበትን ክፍል የምፈታው ሰፊ፣ ውስጡ የሚታይ የላስቲክ ከረጢት ውስጥ እጄን ከትቼ ነው። ላያችሁ ሰው ያስቃል። ግን የሪል ሞላ አንዴ ጣት ካመለጠች ወለል ላይ አትወድቅም፤ ከዚህ ዓለም ትሰወራለች። ተንበርክኬ በእጅ ባትሪ የፈለግኩባቸውን ምሽቶች አልቆጥርም።

የቀረው ሥርዓት ነው። የፈታሁትን ሁሉ ጨርቁ ላይ ከግራ ወደ ቀኝ በቅደም ተከተል እደረድራለሁ። እያንዳንዱን ከማንሳቴ በፊት በስልኬ ፎቶ አነሳዋለሁ። በተለይ ሮንዴላዎቹን። አንዳንዶቹ ከወረቀት አይወፍሩም፤ ግን ማርሾቹ ምን ያህል እንደሚቀራረቡ የሚወስኑት እነሱ ናቸው። አንዷ ከጎደለች ሪሉ ይንገዳገዳል ወይ ይንሸካሸካል።

ማጽዳቱ ራሱ ብዙ ወሬ የለውም። አሮጌውን ግሪስ በጨርቅና በጆሮ መጥረጊያ ጥጥ እጠርጋለሁ። የማርሾቹን ጥርስ በጥርስ ብሩሽ፣ ለብ ባለ የሳሙና ውኃ አሻለሁ፤ በደንብ አደርቃለሁ። ኩሽኔታዎቹን ለብቻ አልኮል ውስጥ። ቤንዚን የሚጠቀሙ አሉ። ቤንዚን ግሪስን ይፈታል፣ እውነት ነው። ፕላስቲኩንና ጓርኒሲዮኑንም ሊያበላሽ ይችላል፤ ቤትንም ያቃጥላል። ይቅርባችሁ።

ኩሽኔታን መመርመር ግን ደስ የሚለኝ ክፍል ነው። የታጠበውንና የደረቀውን ኩሽኔታ ባንድ እጅ ጣት ይዤ፣ ዓይኔን ጨፍኜ፣ በሌላው እጅ በቀስታ አዞረዋለሁ። ዓይን እዚህ ሥራ የለውም። ጣት ግን ይሰማል። ደህናው ምንም አይልም፤ መዞሩም አይታወቅ። የዛገው ትንሽ ይንተባተባል፤ ኮረኮንች ላይ እንዳለች ብስክሌት። የሚንተባተበውን ዘይት አያድነውም። መለወጥ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጠብ፤ ግሪስ ወይስ ዘይት? ለእኔ ነገሩ የተገለጠልኝ አንድ ቀን ቁጭ ብዬ ሒሳብ ስሠራ ነው። የኔ ሪል ማርሽ 5.2 ለ 1 ነው። እጀታው አንዴ ሲዞር የሚሽከረከረው የሪሉ ራስ 5.2 ጊዜ ይዞራል። በሴኮንድ አንዴ ባዞር የሪሉ ራስ በደቂቃ 312 ጊዜ ይሽከረከራል ማለት ነው። ውስጥ ያለው ትልቁ ማርሽ ግን በሴኮንድ አንዴ ብቻ ነው የሚዞረው። ቀስ ይላል፤ የዓሣውን ክብደት የሚሸከመው ግን እሱ ነው። ለእንዲህ ያለው ግሪስ ነው። ግሪስ ማለት ዘይት ነው፤ እንደ ሳሙና ያለ ነገር እንደ ስፖንጅ አቁሮ ይዞት ነው። ከቦታው አይሸሽም። ጥርሶቹ ሲጫኑት ዘይቱን ይለቃል።

ቀጥሎ ያችን ትንሿን ሮለር እንያት። ክሩ ወደ ማጠንጠኛው ከመግባቱ በፊት፣ እንደ ባልዲ ማንጠልጠያ በሚገለበጠው ሽቦ ጫፍ ላይ ባለች አንዲት ትንሽ ሮለር ላይ ይታጠፋል። የጣት ጥፍር ታክላለች። እጀታው አንዴ ሲዞር 75 ሴንቲ ሜትር ያህል ክር ይገባል። የሮለሯ ዙሪያ ሁለት ሴንቲ ሜትር ተኩል ነው። ስለዚህ እኔ አንዴ ሳዞር እሷ 30 ጊዜ ትዞራለች። በደቂቃ 1800! ከሪሉ ሁሉ የምትሮጠው እሷ ናት። ሁልጊዜ እርጥብ ክር የሚያልፍባት እሷ ናት። ለዓመታት ግን አንድም ቀን ዞር ብዬ አላየኋትም። ውስጥ ያለውን፣ ቀስ ብሎ የሚሄደውን ትልቁን ማርሽ ግሪስ ሳጎርስ፣ ይቺ ደረቋን ትሮጥ ነበር።

ሮለሯ መዞር ስታቆም ወዲያው አይታወቅም። ክሩ ላዩዋ ላይ እየተንሸራተተ ይሄዳል። ሪሉም የሚሠራ ይመስላል። ክሩ ግን እየሞቀና እየተፋቀ ነው። ሲቆይ ሮለሯ ላይ ቀጭን ቦይ ይቆፈራል፤ ቦዩ ደግሞ ክሩን ይበላዋል። ከዚያ ጥሩ ዓሣ ሲይዝ ክሩ ይበጠስና ክሩን የሸጠልንን እንረግማለን። እኔ ረግሜያለሁ። ለእሷ የሚያስፈልጋት አንድ ጠብታ ቀጭን ዘይት ነው። ባሕር ላይ ከዋለች በየመልሱ። ግሪስ ይጎትታታል።

ደብሊውዲ-40ን የሚያነሳ ሰው እንደማይጠፋ አውቃለሁ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1953 ነው የተሠራው። ስሙ ራሱ ውኃን ማባረር፣ 40ኛው ሙከራ ማለት ነው። ውኃ ያባርራል፣ የተነከሰ ብሎን ያላላል። ዘላቂ ማለስለሻ አድርጎ ኩሽኔታ ውስጥ መንፋት ግን ሌላ ነገር ነው። ያለውን ግሪስ ያቀጥነዋል፤ የቀጠነው ግሪስ ደግሞ መሄድ የሌለበት ቦታ፣ ፍሪሲዮኗ ዘንድ ይደርሳል። ይኸው ክቡን ዞርን።

ፍሬኑን ቃል ገብቼ ነበር። ፍሬን የምለው ትልቅ ዓሣ ሲጎትት ክሩ ሳይበጠስ እያቃሰተ እንዲወጣ የሚያደርገውን ክፍል ነው። አሠራሩ እንደ ሳንድዊች ነው፤ የብረት ሮንዴላ፣ የሱፍ ጨርቅ ወይም የካርቦን ሮንዴላ፣ እንደገና ብረት። መዘውሩ ሲጠብቅ ይጣበቃሉ። ሪሉን ፍሬኑ እንደጠበቀ ወራት ካስቀመጥነው ጨርቁ ይተኛል። አይመለስም። ከዚያ ፍሬኑ ለስላሳ መሆኑ ይቀርና ይዝ ለቀቅ፣ ይዝ ለቀቅ ይላል። ክር የሚበጥሰው ያ የመጀመሪያው ንጥቂያ ነው። ስለዚህ ሪል ሲተኛ ፍሬኑ መላላት አለበት። ለዓሣ ሲወጣ ደግሞ ክሩ ከሚችለው ክብደት አንድ አራተኛው እስከ አንድ ሦስተኛው ላይ ማጥበቅ ነው። 6 ኪሎ የሚችል ክር ካለኝ በትንሿ የእጅ ሚዛን ስቤ ከኪሎ ተኩል እስከ 2 ኪሎ መካከል ሲለቅ አቆመዋለሁ። ሰው በእጁ ጎትቶ «በቂ ነው» ሲል አላምነውም። ራሴንም አላምነውም።

የጨርቁ ሮንዴላ ቅባት የሚፈልግ ከሆነ ለፍሬን የተሠራውን የተለየ ግሪስ ነው የሚቀባው። የማርሹን አይደለም። በቀጭኑ ይለቀለቅና ትርፉ ይጠረጋል። እዚህም እጄ ማብዛት ይወዳል። አሁን አንድ ዘዴ አለኝ፤ ግሪሱን በጣቴ አልነካም። በጥርስ መጎርጎሪያ እንጨት ጫፍ ነው የምቀባው። እንጨቱ ብዙ መያዝ ስለማይችል እጄን ይቆጣጠርልኛል።

የዛሬው ሥራ ብዙ አልነበረውም። ማርሹ ደህና ነው። አንድ ኩሽኔታ ተንተባተበ፣ ለወጥኩት። ፍሪሲዮኗን አልነካኋትም፤ ስትሠራ እያየሁ ምን አስነካኝ። ለሮለሯ አንድ ጠብታ ሰጠኋት፣ በጣቴ ስገፋት ዞራ ዞራ ቆመች። ክዳኑን መለስኩ። ብሎኖቹን በሁለት ጣት ብቻ፣ ሲቆሙ አቆምኩ። እጀታውን አዞርኩ። ጭጭ። ወደ ኋላ ገፋሁት። አልሄደም።

ደስ ብሎኝ ጨርቁን ላራግፍ ሳነሳው አንዲት ነገር ብልጭ አለች። ሮንዴላ። ወረቀት የማታህል። ስልኬን ከፈትኩና ፎቶዎቹን አንድ በአንድ ወደ ኋላ አየሁ። አራተኛው ላይ የለችም። ሰባተኛው ላይ አለች፤ ከትልቁ ማርሽ ጀርባ፣ ግማሿ በግሪስ ተሸፍና።

ካቻቢቴው ገና እጄ ላይ ነው።